ስልክን ከቴሌቪዥን ጋር ማገናኘት፦ ኬብል ከመግዛታችሁ በፊት

ደብረ ማርቆስም ሆነ ባሕር ዳር፣ ሞጣም ሆነ ቡሬ፣ በበዓል ቤት ውስጥ የማይቀር ነገር አለ። ውጭ ያለው ልጅ የሰርጉን ቪዲዮ በቴሌግራም ይልካል። ከዚያ አንዲት ስልክ ከእጅ ወደ እጅ ትዞራለች። እናት መነጽራቸውን ይፈልጋሉ። አያት "እስቲ አምጪው፣ የቱ ነው ሙሽራው?" ይላሉ። ግድግዳው ላይ ግን 43 ኢንች ቴሌቪዥን ጠፍቶ ተሰቅሏል።

ስልኩን ከቲቪው ጋር ላገናኝ ያለ ሰው መጀመሪያ የሚሄደው ሱቅ ነው። "ከስልክ ወደ ቲቪ የሚያገናኝ ኬብል አለ?" ይላል። አለ ይባላል። ይገዛል። ቤት ሲደርስ ቲቪው "ኖ ሲግናል" ብሎ ቁጭ ይላል። ብዙ ጊዜ ኬብሉ ምንም አልሆነም። ስልኩ ራሱ በቻርጀር ቀዳዳው ምስል ማውጣት የማይችል ስለሆነ ነው። እኛ አካባቢ በብዛት የተያዙት ስልኮች ደግሞ እንደዚያ ናቸው።

ስለዚህ ምክሬ ቅደም ተከተሉን ገልብጡት ነው። መጀመሪያ ምንም ሳትገዙ ያለ ገመድ ሞክሩ። ካልሆነ ፍላሽ አለ። ከዚያ ዶንግል፣ ማለትም ቲቪው ላይ የምትሰካ ትንሽ ያለ ገመድ መቀበያ። ኬብል የመጨረሻው ነው፤ እሱም ስልካችሁ እንደሚችል ካረጋገጣችሁ ብቻ።

ያላችሁን ዕቃ እወቁ

ቴሌቪዥኑን አጥፉና በስልክ መብራት ጀርባውንና ጎኑን እዩት። ሰፋ ያለ፣ ጠፍጣፋ፣ ከታች በኩል ጠበብ የሚል ቀዳዳ ካለ ኤችዲኤምአይ ነው። ብዙ ጊዜ ሁለት ወይም ሦስት ይሆናሉ፤ አጠገባቸው 1፣ 2፣ 3 ተብሎ ተጽፏል። አንዱን የዲሹ ሪሲቨር ይዞት ይሆናል። ትርፍ መኖሩን እዩና ቁጥሩን ያዙት። ፍላሽ የሚሰካበት ዩኤስቢም ይኖራል። ቢጫ፣ ነጭና ቀይ የሆኑት ክብ ቀዳዳዎች ደግሞ ኤቪ ይባላሉ። ጀርባው ወፍራም በሆነው የድሮ ቴሌቪዥን ላይ የምታገኙት እነዚህን ብቻ ነው።

ቲቪው ስማርት መሆኑን ለማወቅ ሪሞቱን ማየት ይበቃል። የዩቲዩብ ወይም የኔትፍሊክስ ቁልፍ ካለው ስማርት ነው። ቁልፉ ከሌለ ሴቲንግ ውስጥ ግቡና ዋይፋይ የሚል ነገር ፈልጉ።

ስልኩ ላይ ደግሞ ሴቲንግ ክፈቱና ከላይ ባለው መፈለጊያ "ካስት" የሚለውን ቃል በእንግሊዝኛ ፊደል ጻፉ። የሆነ ነገር ከመጣላችሁ ግማሹን መንገድ ሄዳችኋል።

ያለ ገመድ፣ ያለ ዳታ

እዚህ ላይ ረዘም አድርጌ ልጻፍ፤ አብዛኛው ሰው ስልኩ ውስጥ ይዞት የማያውቀው መንገድ ይህ ስለሆነ።

ሚራካስት የሚባል አሠራር አለ። እ.ኤ.አ. በ2012 ነው የወጣው። ስልኩና ቲቪው በቀጥታ እርስ በርስ በዋይፋይ ይነጋገራሉ። መሃል ላይ ራውተር የለም፤ ኢንተርኔትም የለም። የስልካችሁ ስክሪን እንዳለ ቲቪው ላይ ይታያል፤ ድምፁም አብሮ ይሄዳል። ስልኩ ውስጥ ያለውን ቪዲዮና ፎቶ ለማሳየት አንድ ሜጋ እንኳ አይቆርጥም። ክልላችን ውስጥ የሞባይል ዳታ ለወራት ተቋርጦ የነበረበትን ጊዜ የምታስታውሱ ሰዎች ይህ ምን ማለት እንደሆነ ይገባችኋል።

አካሄዱ እንዲህ ነው።

1. ቲቪውን አብሩና ሪሞቱ ላይ "ሶርስ" ወይም "ኢንፑት" የሚለውን ተጫኑ። ከዝርዝሩ ውስጥ "ስክሪን ሚረሪንግ" ወይም "ስክሪን ሼር" የሚል ፈልጉና ክፈቱ። ሃይሴንስ ቲቪ ላይ "ኤኒቪው ካስት" ይባላል። ኤልጂ ላይ "ስክሪን ሼር" ነው። ሶርስ ውስጥ ካጣችሁት ከአፕሊኬሽኖቹ መሃል ፈልጉት። አዳዲስ ሳምሰንግ ቲቪዎች ላይ ብዙ ጊዜ ምንም መክፈት አያስፈልግም፤ ከስልኩ ከጀመራችሁ ራሱ ይጠይቃል።

2. ስልኩ ላይ ዋይፋይ አብሩ። ከማንም ኔትወርክ ጋር መገናኘት የለበትም። ዋይፋዩ በርቶ መቆየቱ ብቻ በቂ ነው። ሆትስፖት በርቶ ከሆነ አጥፉት።

3. ከላይ ወደ ታች ሁለት ጊዜ ጎትቱና አቋራጮቹን አምጡ። ሳምሰንግ ስልክ ከሆነ "ስማርት ቪው" ይላል። ሌሎቹ ላይ "ካስት"፣ "ስክሪን ካስት" ወይም "ዋየርለስ ዲስፕሌይ" ሊል ይችላል። ሁዋዌ ላይ "ዋየርለስ ፕሮጀክሽን" ነው። እዚያ ከሌለ በሴቲንግ ፍለጋችሁ ያገኛችሁትን ንኩ። ሦስት ነጥብ ካለበት እሱን ከፍታችሁ "ኢነብል ዋየርለስ ዲስፕሌይ" የሚለው ላይ ራይት አድርጉ። ይህችን ነጥብ ረስቶ "የእኔ ስልክ አይሠራም" የሚል ብዙ ነው።

4. ትንሽ ጠብቁ፤ የቲቪው ስም ይመጣል። ንኩት። ቲቪው "ይፈቀድ?" ብሎ ሲጠይቅ በሪሞት ፍቀዱ።

5. ስልኩን አጋድሙት። "ኦቶ ሮቴት" ካልበራ ምስሉ መሃል ላይ እንደ ቀጭን ምሰሶ ቆሞ ይቀራል።

ባሕር ዳር ውስጥ ኮንዶሚኒየም ወይም ብዙ ተከራይ ያለበት ግቢ የምትኖሩ ከሆነ አራተኛዋ እርምጃ ላይ ረጋ በሉ። ሁለትና ሦስት ቲቪ ተመሳሳይ ስም ይዘው ሊመጡ ይችላሉ። የጎረቤት ሳሎን ውስጥ የቤተሰብ ፎቶ ማሳየት የሚፈልግ ያለ አይመስለኝም። የቲቪውን ስም ሴቲንግ ውስጥ ገብቶ መቀየር ይቻላል። ቀይሩት።

የዚህ መንገድ ድክመት ትንሽ መዘግየቱ ነው። ስልኩ ላይ የነካችሁት ቲቪው ላይ የሚታየው ቆየት ብሎ ነው። ለፊልም፣ ለመዝሙር፣ ለፎቶ ችግር የለውም። ጌም ለመጫወት ግን ያናድዳል።

አይፎን የያዛችሁ፣ ሚራካስት የላችሁም። አፕል የራሱን ኤርፕሌይ ነው የሚጠቀመው። ቲቪያችሁ ኤርፕሌይ የሚቀበል መሆን አለበት። ሳምሰንግም ኤልጂም እ.ኤ.አ. ከ2019 ወዲህ ካወጧቸው ቲቪዎች ብዙዎቹ ይቀበላሉ። ስልኩና ቲቪው አንድ ዋይፋይ ላይ ይሁኑ። ከዚያ ከላይ ቀኝ ጥግ ወደ ታች (ክብ የሆም ቁልፍ ባለው አይፎን ግን ከታች ወደ ላይ) ጎትታችሁ ሁለት የተደራረቡ አራት ማዕዘኖች ያሉበትን ምልክት ንኩና ቲቪውን ምረጡ።

ዩቲዩብ ሌላ ነገር ነው

ስልክን ሚረር ማድረግና ዩቲዩብን ካስት ማድረግ ብዙ ሰው ያምታታቸዋል። ሚረር ስታደርጉ ቲቪው የስልካችሁ መስታወት ነው። ካስት ስታደርጉ ግን ቪዲዮውን ከኢንተርኔት የሚያወርደው ቲቪው ራሱ ነው። ስልኩ ሪሞት ብቻ ይሆናል። ብትቆልፉት፣ ብትደውሉበት ቪዲዮው አይቋረጥም።

ለዚህ ቲቪው ኢንተርኔት ያስፈልገዋል። ቤት ውስጥ የኢትዮ ቴሌኮም የመስመር ኢንተርኔት ካላችሁ ስልኩንም ቲቪውንም እሱ ላይ አገናኙ፤ ዩቲዩብ ውስጥ ጥጉ ላይ ሞገድ ያለበትን የስክሪን ምልክት ንኩ፤ አለቀ።

መስመር የሌለው ሰው ከስልኩ ሆትስፖት ከፍቶ ለቲቪው ይሰጣል። ሆትስፖት የሚሰጠው ስልክ ግን ብዙ ጊዜ ቲቪውን ካስት ለማድረግ አያገኘውም። መላ አለው። ቲቪው ላይ ዩቲዩብ ክፈቱ፣ ሴቲንግ ውስጥ ግቡ፣ "ሊንክ ዊዝ ቲቪ ኮድ" የሚለውን ምረጡ። 12 አሃዝ ያለው ቁጥር ይሰጣችኋል። ስልካችሁ ላይ ባለው ዩቲዩብ የካስት ምልክቱን ንኩና ቁጥሩን አስገቡ። ከዚያ በኋላ ስልኩና ቲቪው አንድ ኔትወርክ ላይ ባይሆኑም ይገናኛሉ።

ደግሞ ጥራቱን ተቆጣጠሩት። ቲቪ ስክሪኑ ትልቅ ስለሆነ ዩቲዩብ ኔትወርኩ እስከፈቀደ ድረስ ከፍተኛውን ጥራት ይመርጣል። በ480 ጥራት አንድ ሰዓት ብታዩ ወደ ግማሽ ጊጋ ይሄዳል። በ1080 ግን ከ1.5 ጊጋ ሊያልፍ ይችላል። ሳምንታዊ ጥቅል ገዝቶ በአንድ ቀን ማታ የሚጨርሰው ሰው ማንም ሰርቆት አይደለም። ጥርስ ያለው ጎማ የሚመስለውን የሴቲንግ ምልክት ተጫኑ፣ "ኳሊቲ" ግቡ፣ 480 አድርጉት። ከሶፋው ርቀት ላይ ሆናችሁ ልዩነቱ ያን ያህል አይደለም።

ፍላሽና ሪሲቨር፦ የተናቀው መንገድ

እውነቱን ለመናገር ለሰርግ ቪዲዮ፣ ለክርስትና፣ ለተስካር ፎቶ ከሁሉም የሚሻለው ይህ ነው። መቆራረጥ የለም፣ ስልክ አይያዝም፣ አክስቴ ፍኖተ ሰላም ሆና ራሷ በሪሞት ደጋግማ ታየዋለች።

የሚያስፈልገው ሁለት አፍ ያለው ፍላሽ ነው። በአንዱ በኩል የተለመደው ሰፊ ዩኤስቢ፣ በሌላው ታይፕ ሲ። ተራ ፍላሽ ካላችሁ ኦቲጂ የምትባለዋን ትንሽ ማገናኛ ግዙ፤ ርካሽ ናት። ፍላሹን ስልኩ ላይ ሰኩ፣ "ፋይልስ" የሚለውን አፕ ክፈቱ፣ ቪዲዮውን ያዝ አድርጉና ወደ ፍላሹ ኮፒ አድርጉ። በቴሌግራም የመጣ ቪዲዮ ከሆነ መጀመሪያ ሦስቷን ነጥብ ነክታችሁ ጋለሪ ውስጥ ሴቭ አድርጉት። ከዚያ ፍላሹን ነቅላችሁ ቲቪው ላይ ሰኩ።

ቲቪው ዩኤስቢ ከሌለው ወይም ቪዲዮውን እምቢ ካለ የዲሹን ሪሲቨር ፊት ለፊቱን ወይም ጀርባውን እዩ። አብዛኛው ሪሲቨር የፍላሽ ቀዳዳ አለው። ሜኑ ውስጥ "ዩኤስቢ" ወይም "ሚዲያ" በሚለው ይገባል። ስንቱ ቤት ነው ይህን ቀዳዳ አንድ ቀን ሳይነካው ሪሲቨሩ ያረጀው!

የሚያጋጥሙት እንቅፋቶች የታወቁ ናቸው። አንደኛው የፍላሹ ፎርማት፣ ማለትም ፋይል የሚይዝበት አሠራር ነው። ፍላሹ ፋት 32 ከሆነ ሁሉም መሣሪያ ማለት ይቻላል ያነበዋል፤ ግን ከ4 ጊጋ በላይ የሆነ አንድ ፋይል አይቀበልም። ቪዲዮ አንሺው የሰጣችሁ የሰርግ ፋይል 7 ጊጋ ከሆነ ከፋፍሎ እንዲሰጣችሁ ጠይቁት። ሁለተኛው የቪዲዮው ዓይነት ነው። አዳዲስ ስልኮች ቦታ ለመቆጠብ ብለው ሄቪክ በሚባል አሠራር ይቀርጻሉ፤ የቆየ ቲቪና ሪሲቨር አይገባውም። ድምፁ ይሰማና ምስሉ ይጠፋል፤ ወይም ጭራሽ አይከፍትም። ከቀረጻው በፊት ማስተካከል ይቻላል። አይፎን ላይ ሴቲንግ፣ ካሜራ፣ ፎርማትስ ውስጥ ገብታችሁ "ሞስት ኮምፓቲብል" አድርጉ። ሳምሰንግ ላይ ካሜራው ሴቲንግ ውስጥ "ሃይ ኤፊሺየንሲ" የሚለውን አጥፉ።

አንድ ትንሽ ነገር ደግሞ፦ አንዳንድ ሪሲቨር የአማርኛ ፊደል አያውቅም። የፋይሉ ስም በአማርኛ ከሆነ ባዶ ሳጥን በባዶ ሳጥን አድርጎ ያሳያችኋል። ስሙን በእንግሊዝኛ ፊደል ቀይሩት።

ቲቪው ስማርት ካልሆነ፦ ዶንግል

ቲቪው ኤችዲኤምአይ አለው፣ ዋይፋይ ግን የለውም። እንግዲህ ይህኔ ነው ገንዘብ የምታወጡት። ሱቅ ውስጥ "ኤኒካስት" ካላችሁ ያውቁታል። የጣት ያህል የሆነች፣ ኤችዲኤምአይ ላይ የምትሰካ፣ ጅራት ያላት ዕቃ ናት። ጅራቷ ዩኤስቢ ነው፤ የኤሌክትሪክ ምግቧ በዚያ ነው የሚገባው።

እሱ ላይ ነው ሰው የሚሸወደው። ዩኤስቢውን ቲቪው ላይ ይሰካዋል። የብዙ ቲቪ ዩኤስቢ የሚሰጠው ኃይል ግን ትንሽ ነው፤ ግማሽ አምፔር ብቻ ሊሆን ይችላል። ዶንግሏ ትበራለች፣ ስልክ ሊገናኝ ሲል ትጠፋለች፣ እንደገና ትነሳለች። ሰውየው "ዕቃው ቻይና ነው" ብሎ ይጥላታል። ዩኤስቢውን ነቅላችሁ ጤነኛ የስልክ ቻርጀር ላይ ሰኩት። አብዛኛው ጊዜ በዚህ ይፈታል።

ከተነሳች በኋላ ቲቪውን ዶንግሏ ወደተሰካችበት የኤችዲኤምአይ ቁጥር አምጡት። ስክሪኑ ላይ የዋይፋይ ስምና የይለፍ ቃል ይታያል። አንድሮይድ ከሆናችሁ ከላይ የነገርኳችሁን የሚራካስት እርምጃ መድገም ነው፤ በቲቪው ስም ፋንታ የዶንግሏን ስም ትነካላችሁ። አይፎን ከሆናችሁ ዶንግሏ ጎን ላይ ያለችውን ቁልፍ አንዴ ተጫኑ፤ ሞዱ ወደ ኤርፕሌይ ይቀየራል። ከዚያ የስልኩን ዋይፋይ ከዶንግሏ ጋር አገናኙና ስክሪን ሚረሪንግ ክፈቱ።

ኔትፍሊክስና መሰሎቹ በእነዚህ ርካሽ ዶንግሎች ጥቁር ስክሪን ሊያሳዩ ይችላሉ። ድምፅ አለ፣ ምስል የለም። ብልሽት አይደለም፤ የቅጂ መብት መከላከያ ነው። አትታገሉት።

ኬብል፦ ታይፕ ሲ ሁሉ ታይፕ ሲ አይደለም

ብርሌ ስላየን ብቻ ጠጅ አለበት አንልም። ታይፕ ሲም የቀዳዳው ቅርጽ ስም ነው። በዚያ ቀዳዳ ምስል መውጣት አለመውጣቱ የስልኩ ውስጥ ሥራ ነው። የሚችሉት ስልኮች ዲስፕሌይ ፖርት የሚባል ችሎታ አላቸው። ሳምሰንግ ከጋላክሲ ኤስ8 ጀምሮ ያሉት የኤስ ስልኮች አብዛኞቹ ያወጣሉ። አይፎን 15 እና 16 ያወጣሉ። ከኤ ተከታታይ ሳምሰንጎች አብዛኞቹ፣ እንዲሁም ዋጋቸው ዝቅና መካከለኛ የሆኑት ቴክኖ፣ ኢንፊኒክስና አይቴል ስልኮች ግን አያወጡም። አፕ ብታወርዱም፣ ኬብል ብትቀይሩም አይሆንም።

ለማረጋገጥ የስልካችሁን ሞዴል ኢንተርኔት ላይ ፈልጉና መግለጫው ውስጥ የዩኤስቢውን መስመር እዩ። "ዲስፕሌይ ፖርት" የሚል ካለ ደስ ይበላችሁ። "ዩኤስቢ 2.0" ብቻ ብሎ ካቆመ ተስፋ የለውም ማለት ይቻላል።

ኢንተርኔት ማየት ካልተመቻችሁ ሱቁ ውስጥ ሞክሩ።

"እሱ ለሁሉም ታይፕ ሲ ይሆናል፣ ወንድሜ።"

"እሺ ወንድምዓለም፣ ቲቪ አለህ አይደል? እዚሁ ሰክተን እንየው።"

ባለሱቁ ፊቱ ከጠቆረ ገንዘባችሁን ኪሳችሁ ውስጥ መልሱ።

ስልካችሁ የሚችል ከሆነ ከዚህ የቀለለ ነገር የለም። ቲቪውን አጥፉ፣ ኬብሉን ሁለቱም ጋ ሰኩ፣ ቲቪውን አብሩ፣ ሶርስ ላይ ቁጥሩን ምረጡ። ኔትወርክ የለ፣ መዘግየት የለ። የቻርጀር ቀዳዳ ያለው ማገናኛ ምረጡ፤ ረጅም ፊልም ባትሪ ይጨርሳል። አሮጌ አይፎን፣ ከ5 እስከ 14 ያለው፣ ከላይትኒንግ ወደ ኤችዲኤምአይ የሚቀይር የራሱ ማገናኛ አለው።

ቲቪውን አጥፉ ያልኩት ለወግ አይደለም። ኧርዝ (ኤሌክትሪክን ወደ መሬት የሚያወርድ መከላከያ ገመድ) በሌለው ቤት ውስጥ የቲቪና የሪሲቨር ብረት ሲነካ ጣት የሚያንዘረዝርበት ጊዜ አለ። በዚያ ሁኔታ ኤችዲኤምአይ ሲሰካ ቀዳዳው ሊቃጠል ይችላል። መብራት ሲሄድም ኬብሉን ከስልኩ ንቀሉ፤ ሲመለስ በምን ኃይል እንደሚመጣ አይታወቅም። ክረምት ላይ ነጎድጓድ ሲጀምር ደግሞ የዲሹንም ገመድ ጭምር። ሐምሌ ላይ የጎጃም ሰማይ ቀልድ አያውቅም።

የድሮው ወፍራም ቴሌቪዥን

ይሆናል። ግን ሰንሰለቱ ይረዝማል፦ ስልክ፣ ዶንግል፣ መቀየሪያ፣ ቲቪ። መቀየሪያው ከኤችዲኤምአይ ወደ ኤቪ የሚለውጥ ትንሽ ሳጥን ነው። አቅጣጫውን አንብቡ። ከኤቪ ወደ ኤችዲኤምአይ የሚለውጠውም መልኩ ቁርጥ እሱን ነው፤ በተቃራኒው ግን አይሠራም። ቢጫው ለምስል ነው። ነጩና ቀዩ ለድምፅ ናቸው፤ ቲቪው አንድ የድምፅ ቀዳዳ ብቻ ካለው ነጩን ሰኩ።

ምስሉ መጥቶ ጥቁርና ነጭ ከሆነ፣ ወይም ወደ ላይ ወደ ላይ የሚንከባለል ከሆነ፣ ሳጥኑ ጎን ላይ የክብሪት ራስ የምታክል ማንሸራተቻ ፈልጉ። በአንድ በኩል "ፓል"፣ በሌላው "ኤንቲኤስሲ" ይላል። አገራችን ፓል ነው። በጥፍር ወይም በክብሪት እንጨት ወደ ፓል ግፉት። ቀለሙ ወዲያው ይመለሳል።

ፊልምና ኳስ በደንብ ይታያል። ጽሑፍ ግን ብዙም አትጠብቁ። የድሮው ቲቪ የሚያሳየው 576 መስመር ነው፤ የቴሌግራም መልእክት ለማንበብ አይሆንም።

እንግዳ ከመምጣቱ በፊት

ሚረር ስታደርጉ የሚመጣው መልእክት ሁሉ ግድግዳ ላይ ይወጣል። የቴሌብርና የባንክ መልእክት ከነቀሪ ሒሳቡ አማቾች ፊት ሲነበብ አስቡት። "ዱ ኖት ዲስተርብ" የሚለውን አብሩ። ጋለሪውን ከመክፈታችሁ በፊትም የምታሳዩትን ለብቻ አልበም ውስጥ አስገቡት። አለበለዚያ አንድ ጣት ወደ ጎን ስትንሸራተት ምን እንደሚመጣ እናንተ ታውቃላችሁ።

ውጭ ካለ ዘመድ ጋር ቪዲዮ ኮል በቲቪ ማድረግ ያምራል፤ አያቶች የልጅ ልጃቸውን ፊት በደንብ ያያሉ። ስልኩ ግን ካሜራችሁና ማይካችሁ ሆኖ ይቀራል። ቲቪው ስር መጽሐፍ ላይ አስደግፉትና ፊቱን ወደ ሰዉ አዙሩት። የቲቪው ድምፅ ተመልሶ ማይኩ ውስጥ እየገባ ካስተጋባ የቲቪውን ድምፅ ቀነስ አድርጉ።

እምቢ ሲል

ቲቪው ስልኩ ላይ አልመጣ ካለ ሁለቱንም አጥፍቶ ማብራት ከሚገመተው በላይ ይሠራል። ቪፒኤን ካበራችሁ አጥፉት፤ በተለይ ካስት ማድረግን ያውካል። ምስሉ የሚቆራረጥ ከሆነ ስልኩን ቀረብ አድርጉና ብሉቱዝ አጥፉ፤ ከዋይፋይ ጋር አንድ ሞገድ ላይ ሊጋጩ ይችላሉ። ድምፁ ስልኩ ላይ ከቀረ የብሉቱዝ ስፒከር ወይም ማዳመጫ ተገናኝቶ እንደሆነ እዩ።

የምስሉ ጠርዝ ተቆርጦ ከላይ ያለው ሰዓትና ባትሪ ካልታየ ችግሩ የቲቪው ነው። "ፒክቸር ሳይዝ" ውስጥ ገብታችሁ "ጀስት ስካን" ወይም "ስክሪን ፊት" የሚለውን ምረጡ።

በትምህርት ቤት ወይም በአዳራሽ ፕሮጀክተር ላይ ለምታገናኙም ያው ዶንግል ይሆናል። አሮጌው ፕሮጀክተር ግን ብዙ ጊዜ ያለው ቪጂኤ ነው፤ ሰማያዊ፣ 15 ትንንሽ ቀዳዳ ያለው። ከኤችዲኤምአይ ወደ ቪጂኤ የሚቀይር ማገናኛ ግዙለት። ቪጂኤ ድምፅ አያስተላልፍም፤ ስለዚህ ጎኑ ላይ የማዳመጫ ቀዳዳ ያለውን አይታችሁ ግዙና ከዚያ ወደ ስፒከሩ ገመድ ዘርጉ።